ከቀኝ በኩል ያላየሁት መኪና

ወገኖቼ፣ የጌታ ሰላም ይብዛላችሁ። ዛሬ ይህን መድረክ የለመንኩት ጌታ እንዴት አድርጎ እንደያዘኝ ሳልነግራችሁ መክረም ስላልቻልኩ ነው። ሽማግሌዎቻችን አሥር ደቂቃ ሰጥተውኛል። የምታውቁኝ ፈገግ ብላችኋል፤ እኔ በአሥር ደቂቃ ሰላምታዬንም አልጨርስም። ቢሆንም ሳልጨምር ሳልቀንስ እመሰክራለሁ። ከጨመርኩ ባለቤቴ ዘነበች ሦስተኛው ወንበር ላይ ናት፤ ትስላለች።

ነገሩ ባጃጅ ሸዋ ሮቢት ገና በገባ ሰሞን ነው። የሚሊኒየሙ ማስታወቂያ ከየግንቡ ላይ ገና አልተላጠም። ያኔ ጌታን አላውቅም፤ የማውቀው ጫትና ቀልድ ነበር። ባጃጄ ለሦስት ሰው የተሠራች ናት ይላሉ። እኔ ከኋላ ስድስት፣ ከፊት በግራና በቀኜ አንድ አንድ፣ ከዚያ ላይ ሁለት ጆንያ ማሾ እጭን ነበር።

ሳለች። እሺ፣ ከኋላ ሦስት።

እንግዲህ ከፊት ግራና ቀኙ ሰው የተቀመጠበት ሹፌር ምን ያያል? ፊት ለፊቱን ብቻ። ስለዚህ እኛ ባለባጃጆች አንድ ዘዴ ነበረን። የገበያው መንገድ ከደሴው አስፋልት የሚገናኝበት መስቀለኛ ላይ ስንደርስ አንገታችንን አናስቸግርም፤ በጎናችን የተቀመጠውን ሰው «በዚያ በኩል እንዴት ነው?» ብለን እንጠይቃለን። «ነፃ ነው» ካለን እንነዳለን። እኛ እጅ እናዋጣለን፣ ተሳፋሪው ዐይን ያዋጣል። የዐይን ዕቁብ በሉት። እንዲህ ስንኖር አለመሞታችን ራሱ ምስክርነት ይወጣዋል፤ ስሙ ይባረክ።

አንድ የገበያ ቀን የዘነበች አባት ጋሽ አሰፋ ከቀወት ገጠር ወረዱ። ወገኖቼ፣ ዐይናቸው እንደደከመ አውቅ ነበር። ይህን ልብ በሉልኝ፣ አውቅ ነበር። ከዚያ በፊት በነበረው ሳምንት የቆመ አህያ «እንደምን ዋልክ፣ ቤተሰብ ደኅና?» ብለው ሰላም ሲሉ በዐይኔ አይቻለሁ፤ መልስ ስላልሰጣቸውም ተቀይመዋል። ይህችን ይዤ ከተማውን በሙሉ አስቄአለሁ።

አማት ከኋላ ከሽንኩርት ጆንያ ጋር አይቀመጥም፤ ስለዚህ ከፊት በቀኜ አስቀመጥኳቸው። ከኋላ ሦስት ሴቶች ነበሩ፤ ሦስቱም ማጀቴ ከተማ ያረፈ ዝንብ እግሩን ከዚህ ሆነው የሚቆጥሩ። ግን መስቀለኛው ላይ ጋሽ አሰፋን ዘልዬ ሴቶቹን ብጠይቅ፣ በሰው ፊት «አንቱ አያዩም» ማለቴ ነው። እሳቸውን ጠየቅኩ።

«ጋሼ፣ በቀኝ በኩል እንዴት ነው?»

ዘወር አሉ፣ ግንባራቸውን ቋጥረው አዩ።

«ነፃ ነው፣ ልጄ። ንዳ።»

ነዳሁ። ነፃ በተባለው መንገድ ከነተሳቢው የሚመጣ የጭነት መኪና ነበር፤ ይህን አዳራሽ ከነጣሪያው ያክላል። ሹፌሩ ሁለቴ ጥሩምባ ነፋ፣ ፍሬን ያዘ፣ ጎማው ጮኸ። የቻለውን ሁሉ አደረገ። የባጃጄን የኋላ ጥግ ነካትና ተገለበጥን። ሴቶቹ ከሽንኩርቱ መሀል ደኅና ወጡ፣ ጌታ ይመስገን። የእኔ ክርን ተላጠ። ጋሽ አሰፋ ግን አስፋልቱ ዳር ወድቀው፣ ቀኝ እግራቸው እግር በማይታጠፍበት በኩል ታጥፎ ነበር።

የትራፊክ ፖሊሱ ሳጅን መጥቶ «ምን ሆነ?» ሲለኝ አፌ ቀደመኝ። «ዳር ይዤ ቆሜ ነው! ጥሩምባ እንኳ ሳይነፋ እየበረረ መጥቶ ገጨኝ።» በዚህ ከተማ እኔን የማያውቅ የለም፤ ያን ሹፌር የሚያውቅ ደግሞ የለም፣ የወሎ ሰው ነው። ወዲያው አሥራ ሰባት ሰው «በዐይናችን አየን» ብሎ መሰከረልኝ። ከአሥራ ሰባቱ አሥራ አምስቱ በዚያ ሙቀት ጥላ ሥር ተኝተው ነበር። ሰይድ የሚባለውን ሹፌር ጣቢያ አስገቡት።

ሐኪም ቤት ጋሽ አሰፋን የተቀበለው ሐኪም «አጥንቱ ይገጥማል፤ ግን ዕድሜያቸው ገፍቷልና መቼ እንደሚነሡ ቃል አልገባም» አለኝ። ሐኪሙ ሲወጣ ጋሽ አሰፋ በእጃቸው ጠሩኝ።

«ልጄ፣ ያን መኪና አላየሁትም።»

«አውቃለሁ፣ ጋሼ።»

«እንደማላይ ታውቅ ነበር?»

«አዎ።»

«ታዲያ ምን ብለህ ጠየቅከኝ?»

«አንቱን ዘልዬ ማንን ልጠይቅ?»

እጄን ይዘው ወደ ጆሮዬ ጠጋ አሉ። «ለማንም ትንፍሽ እንዳትል። ይህ ከታወቀ ልጆቹ ከማሳዬ ያወጡኛል። ደጃፍ ላይ አስቀምጠው ዶሮ ጠብቁ ነው የሚሉኝ።»

«አንቱም ስለ እኔ ትንፍሽ አይበሉ» አልኳቸው። ተጨባበጥን። እሳቸው ዐይናቸውን ደበቁ፣ እኔ ጥፋቴን፤ ሰይድ ታሰረ።

ዘነበች ያኔ ጌታን ካገኘች ሁለት ዓመት ሆኗታል። እኔ በዚህ አዳራሽ በር ባለፍኩ ቁጥር «ዛሬስ በጩኸታችሁ ጣሪያው አልተነሣም?» እያልኩ የማሾፍባት ነበርኩ። በማግስቱ ምን አለችኝ?

«ያ ሹፌር እዚህ አገር ሰው የለውም። ማን ምሳ ያደርስለታል?»

«አባትሽን የሰበረውን ሰው ልትቀልቢ ነው?»

«ቢሰብርስ፣ ሆድ የለውም? እኔ አባቴን ላስታምም፣ አንተ ምሳውን አድርስ።»

ከቤቴ እስከ ጣቢያው አሥር ደቂቃ ነው። እኔ ግን ሳህኑን ይዤ በመናኸሪያ እዞራለሁ፣ በገበያ እዞራለሁ፤ አንዳንድ ቀን ካራቆሬ ደርሼ የተመለስኩ ይመስለኛል። ስቆም እግሬን ይበላኛል። ጫቱ አልይዝ አለኝ። ቀልድ እጀምርና መጨረሻው ይጠፋኛል። ጥሩምባ በሰማሁ ቁጥር እዘላለሁ፤ ሸዋ ሮቢት ደግሞ የደሴ መንገድ ላይ ናት፣ ስዘል እውላለሁ። ከሰው ጋር ተቀምጬ አንድ ብርጭቆ ሻይ መጨረስ አቃተኝ።

ሰይድ ሳህኑን ሲቀበለኝ ሁልጊዜ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ «ሽማግሌው እንዴት ናቸው?» ብሎ ነው። «ይሻላቸዋል» ስለው «አልሐምዱሊላህ» ይላል። እኔም ሳህኑን እስኪመልስልኝ ከበር ወዲህ እንቆራጠጣለሁ። በአራተኛው ቀን ግን ምግቡን ሳይነካ አየኝ።

«ወንድሜ፣ አንድ ነገር ልጠይቅህ። ጥሩምባ የነፋሁ ይመስለኝ ነበር። ያ ሁሉ ሰው አልነፋህም ሲለኝ ግን ተጠራጠርኩ። እንቅልፍ ወስዶኝ ይሆን? አንተ ቆመህ ነበር አይደል?»

ሳህኑን ወደ እሱ ገፋሁለት።

«ከእንግዲህ መሪ አልይዝም» አለ። «ልጆች አሉኝ፣ ሌላ ሥራም አላውቅ። ግን ራሱን የማያምን ሰው መኪና አይነዳም።»

ወገኖቼ፣ ነፍቶ ነበር። በጆሮዬ ሰምቼዋለሁ። ሰውየውን ያሳሰርኩት ብቻ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የገዛ ዐይኑንና ጆሮውን ቀምቼዋለሁ። ከዚያ ወጥቼ ከጣቢያው አጥር ሥር ካለው የኒም ዛፍ ጥላ ቁጢጥ አልኩ። ጸሎት አላውቅም። «የዘነበች ጌታ፣ እኔ አልቻልኩትም፣ አንተ ያዘኝ» ብቻ ነው ያልኩት። ብርሃን አልወረደም፣ ድምፅም አልሰማሁም። ሰምቼ ቢሆን ታውቁኛላችሁ፣ መብረቅ ጨምሬ እነግራችሁ ነበር። የሆነው አንድ ነገር ነው፤ እግሬ ወደ ቤት መሄዱን ትቶ ወደ ሳጅኑ ቢሮ ወሰደኝ። ሃሌ ሉያ።

«ውሸቴን ነው» አልኩት።

«የትኛውን?» አለኝ። «አንተ ከነገርከኝ ውስጥ የቱን ልሰርዝ?»

«አልቆምኩም። አላየሁም። የማያይ ሰው ጠይቄ ነው አስፋልት የገባሁት። እሱ ሁለቴ ነፍቷል።»

እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «መንጃ ፈቃድህ እንደሚሄድ ታውቃለህ? አንተም እንደምትገባ?»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ምን አስቸኮለህ?»

«መቀመጥ አቃተኝ።»

ሰይድ ሲወጣ እኔ ስገባ በር ላይ ተገናኘን። እጁ ተነሣ፤ ይመታኛል ብዬ ዐይኔን ጨፈንኩ። አልመታኝም።

«ነፍቼ ነበር?» አለኝ።

«ሁለቴ ነፍተሃል።»

ግድግዳውን ተደግፎ አለቀሰ። እኔም ሲሚንቶው ላይ ቁጭ አልኩ። እስኪመሽ እዚያው ነበርኩ፤ እግሬን አልበላኝም። ዘነበች ስትመጣ «ጌታሽን ተቀብያለሁ» አልኳት፤ እሷ ደግሞ ቀልዴ መስሏት ሦስት ጊዜ አስማለችኝ። ስሙ ይባረክ።

ጋሽ አሰፋ ይህን ሲሰሙ በልጃቸው ፊት «እኔም አላይም» ብለው ተናገሩ። ሐኪሙ መረመራቸውና «የዐይን ሞራ ነው፣ ይነሣል» አለ። እሳቸው ዶሮ ጥበቃ ሲፈሩ፣ መድኃኒቱ አለማየታቸውን መናገር ነበር። እግራቸው ገጥሞ በምርኩዝ ይሄዳሉ። ሞራው ተነሥቶ ፋሻው የተፈታ ቀን መጀመሪያ ያዩት እኔን ነው። አገላብጠው አዩኝና «ዘነበች፣ ይህን ነው ያገባሽው?» አሉ። ጌታ ይመስገን፣ አጥርተው አይተዋል።

ቅጣቴን ጨርሼ፣ መንጃ ፈቃዴም ከብዙ ጊዜ በኋላ ተመልሶልኝ ዛሬም ባጃጅ እነዳለሁ። ከፊት ሰው አልጭንም፣ አማትም ቢሆን። መስቀለኛው ላይ እቆማለሁ፤ ግራዬን አያለሁ፣ ቀኜን አያለሁ፣ እንደገና ግራዬን አያለሁ። ከኋላዬ ያሉት ይሰድቡኛል፤ ይስደቡኝ። ወገኖቼ፣ እናንተም ዛሬ ስትመለሱ ከሹፌሩ ጎን አትቀመጡ። «በዚያ በኩል እንዴት ነው?» ቢላችሁ «ቁምና ራስህ እይ» በሉት።

ሌላም አለኝ። ከመካከላችሁ የራሱን ጥፋት ሌላ ሰው ላይ ጭኖ፣ እንደኔ ከተማውን ሲዞር የሚውል ይኖራል። ወንድሜ፣ እኅቴ፣ ጌታን እመኑት። እኔን ውሸታሙን ያልጣለ እናንተን አይጥልም። ጣቢያው እሑድም ክፍት ነው። ብቻውን መሄድ የፈራ ካለ፣ ከዚህ ስንወጣ በር ላይ ይጠብቀኝ፤ በእግራችን አብረን እንሄዳለን።