እህቴ ሺልድሜይደን የተባለችበት ቅዳሜና እሑድ

ቅዳሜ፣ ከደሞይን ወደ ሰሜን

ከደሞይን የተነሳሁት ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ትንሽ አለፍ ሲል ነው። የጉዞዬ ዓላማ አንድ ቃል መተርጎም ነበር። የፍርድ ቤት ወረቀትም፣ የሆስፒታል ወረቀትም፣ በመድኃኒት ብልቃጥ ላይ የተለጠፈ ማስጠንቀቂያም ተርጉሜ አውቃለሁ፤ ለአንድ ቃል ብዬ አራት ሰዓት ስነዳ ግን የመጀመሪያዬ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ታናሽ እህቴ ዘይነባ ሴንት ሉዊስ ፓርክ በሚገኝ አንድ የአረጋውያን መጦሪያ ትሠራለች። አቅም ያነሳቸውን ታነሳለች፣ ታጥባለች፣ ታለብሳለች። መሥሪያ ቤቱ በዓመት አንድ ጊዜ አንዲት ሠራተኛ ይመርጥና “ሺልድሜይደን” ብሎ ይሸልማል። ሚኒሶታ የኖርዌይና የስዊድን ስደተኞች ልጆች የሞሉባት ስለሆነች የቫይኪንግ ነገር ይወዳሉ። ቃሉም በጥንት ዘመን ጋሻና ሰይፍ ይዘው ይዋጉ ነበር የሚባልላቸው የሰሜን ሴቶች መጠሪያ ነው። የዘንድሮዋ ተሸላሚ ዘይነባ ሆነች። ከቤተሰብ አንድ ሰው ቃሉን በቋንቋዋ ተርጉሞ አዳራሹ ውስጥ እንዲያነብ ጠየቋት። “ጋሼ፣ ካንተ ሌላ ማን አለኝ?” ብላ ደወለችልኝ። ደረቴን ነፍቼ ተነሳሁ።

መንገዱ ቀጥ ያለ ነው፤ እንቅልፍ ያመጣል። በቆሎው ታጭዶ መሬቱ ራቁቱን ቀርቷል። ከዚያ ውጪ የሚታየው የነፋስ ኃይል ማመንጫ ብቻ ነው፤ ነጭ፣ ረጅም፣ ቀርፋፋ። ክሊር ሌክ ጋ ቆሜ ቤንዚን ሞላሁ፤ በሁለት ዶላር ከሃምሳ የገዛሁት ቡና እጣቢ ነበር። ሚኒሶታ ከገባሁ በኋላ አንድ ፒክአፕ ጣሪያው ላይ ሁለት ትልልቅ የፕላስቲክ ቀንዶች ተክሎ አለፈኝ። ሐምራዊ ባንዲራው ይርገበገባል፤ ቫይኪንግ የሚሉት የኳስ ቡድናቸው ደጋፊ መሆኑ ነው። ያን ጊዜ ሳቅሁ። ስመለስ ቢያልፈኝ ኖሮ የምስቅ አይመስለኝም።

ሪችፊልድ፣ ቀትር ላይ

ዘይነባ የምትኖረው አውሮፕላን ጣሪያውን ነክቶ የሚያልፍ በሚመስልበት ሰፈር፣ በአንድ አሮጌ አፓርታማ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነው። በሩን የከፈተችልኝ የአሥራ ሁለት ዓመቷ ልጇ ሂክማ ናት። እህቴ ሳመችኝ፤ ግን ጎንበስ አላለችም፤ እኔ ነኝ የተጠጋሁላት።

ሩዝ በሥጋ ቀረበ። ስበላ ዓይኔ ወጥ ቤቱ ላይ አረፈ። ድስቱ፣ ዘይቱ፣ የዱቄት ከረጢቱ፣ ሳሙናው ሳይቀር ጠረጴዛና ፍሪጅ ላይ ተደርድሯል። የታችኛው ቁም ሳጥን ገርበብ ብሏል፤ ባዶ ነው።

“ቤት ልትለቂ ነው እንዴ?” አልኳት።

“ቅርብ ቅርብ እንዲሆንልኝ ነው” አለችና ሳቀች። በዚያው ቅጽበት ማንኪያ ከእጇ ወደቀ። ማንኪያውን አየችው። ከዚያ በእግሯ እየገፋች ወደ ሂክማ አስጠጋችው። ልጅቷም ከስልኳ ላይ ዓይኗን ሳታነሳ አንስታ ሰጠቻት።

ሻንጣዬን ላመጣ ስወርድ ሂክማን ይዣት ወረድሁ። “እናትሽ ምን ሆና ነው?” ብዬ በአማርኛ ጠየቅኋት፤ በእንግሊዝኛ መለሰችልኝ። ከበጋ ጀምሮ እናቷ መጎንበስ እንደማትችል ነገረችኝ፤ ካልሲዋን የምታደርግላት እሷ ናት። ስለ አየር ጠባይ የምታወራ ያህል ነበር አነጋገሯ። እኔ በየሳምንቱ እደውላለሁ፤ “እንዴት ነሽ?” ስላት “አልሐምዱሊላህ፣ ደኅና” ትለኛለች።

ወደ ላይ ተመልሼ ፊት ለፊቷ ተቀመጥሁ። “ወገብሽን ምን ሆነሽ ነው?”

“ምንም።”

“ዘይነባ!”

ነገረችኝ። አልጋ ላይ የዋሉ ሰዎችን የሚያነሱት በማሽን ነው፤ ደንቡ ሁለት ሰው ካልሆነ ማሽኑ አይነካም ይላል። የእሷ ጥንድ ራህማ የምትባል የአርሲ ሴት ናት። አንድ ቀን የራህማ ልጅ አስሙ ተነስቶበት ከትምህርት ቤት ተደወለ። ራህማ የመውጫ ሰዓቷን ሳታስመዘግብ ሮጣ ወጣች። ዘይነባ ብቻዋን እያለች አንድ ከባድ ሽማግሌ ከአልጋው መንሸራተት ጀመሩ። በእጇ ያዘቻቸው።

“ሰውየው ምንም አልሆኑም። የኔ ወገብ ነው ቀጭ ያለው።”

“ታዲያ ለምን ሪፖርት አላደረግሽም?”

“ፎርሙ ላይ ‘አብሮሽ ማን ነበረ?’ ይላል፣ ጋሼ። ምን ብዬ ልሙላው? ራህማ ፓንች አውት ሳታደርግ ነው የወጣችው። በዚያው ቀን ያባርሯታል። ባሏ የኩላሊት እጥበት፣ ዲያሊሲስ ላይ ነው፤ የሕክምና ኢንሹራንሱ በሷ ሥራ ነው የሚሄደው።”

“እሷስ ታውቃለች?”

“አታውቅም። ብታውቅማ ራሷ ገብታ ትናገራለች፤ ስለማውቃት ነው የደበቅኋት። አንተም አትነግራትም። ወላሂ በል።”

ወላሂ አልኩ። ለምን እንዳልኩ ሳስበው የእኛ ቤት ልማድ ነው። እኛ ቤት ሕመም ይደበቃል። እናታችን ደሴ ሆና ዓይኗ መጥፋቱን ሁለት ዓመት ሙሉ ደብቃን ነበር፤ በስልክ “ፎቶህን አየሁት፣ አምሮብሃል” ትለኝ ነበር። እኔም አምኜ ሌላ ፎቶ እልክላታለሁ። ያን ነገር ይቅር ያልኩ መስሎኝ ነበር፤ አላልኩም ኖሯል።

ሽልማቱ ደግሞ የተሰጣት ዓመቱን ሙሉ አንድ ቀን ስላልቀረች ነው። አንድ ቀን ብትቀር የሐኪም ወረቀት ይጠይቋታል፤ ሐኪም ጋ ብትሄድ ወገቧ ይታወቃል። ስለዚህ አልቀረችም።

ሴንት ፖል፣ ከሰዓት በኋላ

ቢሆንም የመጣሁበትን ልሥራ ብዬ ወንዙን ተሻግሬ ሴንት ፖል ወደሚገኝ አንድ ቤተ መጻሕፍት ነዳሁ። በብስጭት መንዳት ጥሩ አይደለም፤ አንድ መታጠፊያ ስቼ ሁለት ጊዜ ዞርሁ። እዚያ ያገኘኋቸው የቤተ መጻሕፍቱ ሠራተኛ ሽማግሌ ናቸው፤ አያታቸው ከኖርዌይ የመጡ ናቸው። ጥያቄዬን ሲሰሙ ፊታቸው በራ፤ ሦስት ወፍራም መጻሕፍት አወረዱልኝ።

ቃሉ ከሁለት የተገጠመ ነው፤ ጋሻና ልጃገረድ። በድሮዎቹ ትረካዎች ውስጥ ባል ያላገባች፣ ወንዶች የሚይዙትን መሣሪያ የያዘች ሴት ናት። ከሞቱት ጀግኖች እየመረጡ ወደ አምላካቸው አዳራሽ ከሚወስዱት ከቫልኪሪዎች ትለያለች፤ እነሱ መናፍስት ናቸው፣ ይቺ ሥጋ ለባሽ ናት። በእውነት ነበረች ወይስ ተረት ናት በሚለው ምሁራኑ እስከ ዛሬ ይጨቃጨቃሉ። አሁን ግን ማንም ያሻውን ይጠራበታል፤ የኮምፒውተር ጨዋታውም፣ የስፖርት ቤት ማስታወቂያውም፣ የካናቴራ ነጋዴውም።

“መጨረሻዋ ምንድን ነው?” አልኳቸው።

“ብዙዎቹ ወይ ይሞታሉ፣ ወይ አግብተው ጋሻቸውን ያስቀምጣሉ” አሉ ሽማግሌው። “የኔ አያት የሰው ቤት ወለል ስታጥብ ነው ያረጀችው። ማንም እንዲህ ብሎ አልጠራትም።” ከዚያም፣ “ብቻ ብትባልም ኖሮ ወለሉ ያው ወለል ነው” አሉኝ።

እዚያው ተቀምጬ ወረቀት አበላሸሁ። “ጋሻ ጃግሬ” ብዬ ጻፍሁ፤ እሱ የጌታውን ጋሻ ተሸክሞ ከኋላ የሚሮጥ ነው፤ ሰረዝሁት። “ልጃገረድ” እንዳልል ዘይነባ የልጅ እናት ናት። “ጀግኒት” አልሁ፤ የትምህርት ቤት መዝሙር ሆነብኝ። መጨረሻ ላይ “ባለ ጋሻዋ ሴት፣ ከፊት የምትቆም” የሚለውን መረጥሁ። ማን ፊት እንደምትቆም መጻፍ ይቀረኛል ብዬ አላሰብሁም። ቆንጆ ሆኖልኛል ብዬ በጥሩ ጽሕፈት ገለበጥሁት።

እሑድ፣ ሌክ ስትሪት

በማግስቱ ከሽልማቱ በፊት ራህማ ምሳ ካልጋበዝኩ ብላ ሌክ ስትሪት ያለው ገበያ ወሰደችን። ከሜክሲኮ ምግብ ሻጭና ከሶማሊያ ልብስ ሰፊ መካከል ጠባብ ጠረጴዛ ይዘን ሳምቡሳ በላን፤ ፍሬው ሁለት ዶላር ተኩል ነው። ሒሳብ ልክፈል ስል እጄን ያዘችኝ።

“ኦቦሌሳ፣ ወንድሜ፣ ወላሂ አትከፍልም! የዘይነባ እንግዳ የኔ እንግዳ ነው።”

ራህማ በዕድሜ ከዘይነባ ትበልጣለች፤ ሰፊ ፊት፣ ትልቅ ሳቅ አላት። ልትጠላት የማትችላት ሴት ናት፤ ይህም አናደደኝ።

“ያንተን እህት አላህ ይጠብቅልኝ” አለች። “የልጄ አስም የተነሳ ጊዜ ‘ሂጂ፣ እኔ አለሁ’ አለችኝ። ዞር ብዬም አላየሁ። ሌላ ሰው ቢሆን ይናገርብኝ ነበር። እሷ ግን ብረት ናት!”

ዘይነባ ከጠረጴዛው ሥር እግሬን ረገጠችኝ። እኔም ሳምቡሳዬን አኘክሁ፤ ምን ምን እንደሚል አላስታውስም።

ሴንት ሉዊስ ፓርክ፣ ከቀኑ ሰባት ሰዓት

አዳራሹ የመጦሪያው መመገቢያ ክፍል ነው። ሽማግሌዎቹ በተሽከርካሪ ወንበር ተደርድረዋል፤ በአንዳንዶቹ ራስ ላይ የካርቶን ቀንድ ተደርጓል። ማኔጀሯ ደግ ሴት ትመስላለች፤ ሁሉንም በስሙ ታውቃለች። ስለ ጥንካሬ ተናገረች፣ ስለማይጎድል ሠራተኛ ተናገረች። እኔ ተጠራሁና ትርጉሜን አነበብሁ። አዳራሹ ውስጥ አማርኛ የሚሰማ ከስድስት ሰው አይበልጥም፤ ጭብጨባው ግን ሞቀ።

ከዚያ ጋሻው መጣ። ክብ ነው፤ ከወፍራም እንጨት ተሠርቶ ዙሪያው በብረት ተለብጧል። የአንድ ታካሚ ልጅ በእጁ የሠራው ነው አሉ። ዘይነባ ተቀብላ ደረቷ ላይ አቀፈችው።

“ወደ ላይ!” አለች ማኔጀሯ ስልኳን ደግና። “ከራስሽ በላይ!”

እህቴ አነሳችው። ከንፈሯ ነጣ፤ ጥርሷ ግን እየታየ ነው።

“አንድ ጊዜ ድገሚው፣ ዓይንሽን ጨፍነሻል!”

ደገመችው። ያን ጊዜ መነሳት ነበረብኝ። መነሳትማ ይቅርና አጨበጨብሁ፤ ሰው ሁሉ ሲያጨበጭብ እጄ አብሮ ሄደ። እስካሁን የሚያበግነኝ ይሄ ነው።

ኬክ ሲታደል ራህማ እየሳቀች መጣች። “ይቺ እኮ አንተንም ተሸክማ ደሞይን ታደርስሃለች!” አለችና የዘይነባን ወገብ ቸብ አደረገችው። የእህቴ ሳህን ወለሉ ላይ ተበተነ። በሁለት እጇ ጠረጴዛውን ያዘች።

“አትንኪያት!” ብዬ ጮህሁ። “አንቺ ጥለሻት የሄድሽ ቀን ነው ይሄ ወገብ የተሰበረው! ብቻዋን ሰውዬውን ስታነሳ! ይሄን ሁሉ ጊዜ ስላንቺ ብላ ነው ዝም ያለችው!”

ማኔጀሯ አማርኛ ስለማታውቅ ፈገግ እንዳለች ወደ እኛ ታያለች። የራህማ እጅ አየር ላይ ቀረ። ወደ ዘይነባ ዞረች። “እውነት ነው?” አለች በቀስታ።

ዘይነባ ግን እኔን ነው ያየችኝ። ልጅ ሆና አንድ ቀን ያለ ጥፋቷ በጥፊ መትቻት ነበር፤ ያኔም እንዲህ ነው ያየችኝ።

ወደ ቤት

ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ መኪናዬን አስነሳሁ። ዘይነባ እስከ ፓርኪንጉ ሸኘችኝ፤ “በደኅና ግባ” ብቻ አለችኝ። አልበርት ሊ ጋ ዝናብ ያዘኝ። ደሞይን ስገባ ከምሽቱ አንድ ሰዓት ነበር።

መንገዱን ሙሉ ከራሴ ጋር ስከራከር ነበር። እውነት ተናገርሁ፣ እህቴን አዳንሁ እላለሁ። ግን ያን ጩኸት ያስጮኸኝ የእህቴ ወገብ ብቻ አልነበረም። እናቴ ዓይኗን ስለደበቀችኝ ነው፣ ሂክማ ያወቀችውን እኔ ስላላወቅሁ ነው፣ አጨብጭቤ ስላፈርሁ ነው። መሐላዬን ስላፈረስሁ ደግሞ በዚያው ሳምንት ሃይማኖታችን በሚያዘው መሠረት አሥር ችግረኛ አበላሁ። አሥሩም ጠገቡ፤ እኔን አልቀለለኝም።

ሐሙስ ዕለት ዘይነባ ደወለች። ድምፅዋ እንደ ወትሮው ነው። ራህማ ሰኞ ጠዋት ራሷ ቢሮ ገብታ ያን ቀን ወጥቼ ነበር ብላ ተናግራለች። በማግስቱ ተባርራ መታወቂያዋን አስረክባ ሄደች። ዘይነባን ሐኪም አይቷታል፤ ተቀምጣ ፎጣ እንድታጥፍ ቀላል ሥራ ተሰጥቷታል።

“አልሐምዱሊላህ፣ ወገብሽ ያርፋል” አልኋት።

“ያርፋል” አለች። “ለኔ ብለህ ነው፤ ይገባኛል። ግን ማን ለመነህ? እኔ እኮ ችዬው ነበር።”

ቃሉን የተረጎምሁት እኔ ነኝ፤ ሦስት መጽሐፍ አገላብጬ፣ ሰርዤ ደልዤ። ትርጉሙን ስታደርገው የኖረችው እሷ ናት፤ ሲነገረኝም አልገባኝም፤ ጋሻውን ከእጇ የነጠቅሁት እኔ ነኝ። ከዚህ ጉዞ የተማርሁት ይሄን ነው፤ ባልማረው ደስ ባለኝ።

“ለኢድ እመጣለሁ” አልኋት፣ ነገሩን ለማለስለስ ብዬ። “ሂክማንም አያታለሁ።”

“ለኢድ ራህማ ቤት ነው የምንውለው” አለች በጨዋ ድምፅ። “አንተ አትልፋ፣ ጋሼ።”