ለሆልቃ ሰዎች ሦስት እፍኝ አፈር

መሪማ አቡጀዲውን ምንጣፉ ላይ ዘረጋችው። በመዳፏ ከመሐል ወደ ዳር እየገፋች እጥፋቱን አስለቀቀች፤ ጠርዙን ከጠርዝ አጋጥማ እንዳልተንጋደደ አየች። ከዚያ በክንዷ ለካች፤ ከክርኗ እስከ ጣቷ ጫፍ፣ እንደገና ከክርኗ እስከ ጣቷ ጫፍ። መቀስ ያነሳችው ጠርዙን ጫር ለማድረግ ብቻ ነው። የቀረው የእጅ ሥራ ነው። ሁለቱን ወገን ይዛ ስትስበው ጨርቁ በቀጥታ መስመር ተቀደደ። ድምፁ ደስ አይልም፤ በከሚሴ ገበያ በር ያለ ነጋዴ ግን ሁሉም ያውቀዋል። ከመሪማ ሱቅ ጓዳ ሲሰማ “ኢና ሊላሂ” ብለው፣ ማን እንደሞተ ለመጠየቅ አንገታቸውን በበሩ ያስገባሉ።

ለሴት አምስት ቁራጭ ነው። ሽርጡን፣ ቀሚሱንና የራስ መሸፈኛውን ለየች፤ ሁለቱን ሰፋፊ መጠቅለያዎች ብቻቸውን አደረገች። ከተረፈው ጠርዝ ቀጫጭን ማሰሪያዎች ቀደደች። መርፌ የሚባል ነገር ከፈንን፣ የሟችን መጠቅለያ፣ አይነካም። ካፉር የሚባለውን ሽቶ በጣቶቿ አድቅቃ በጥጥ ጠቀለለችው። በመጨረሻ ሁሉንም ስታጥፍ መጀመሪያ የሚነጠፈው ከላይ እንዲሆን አደረገች፤ አጣቢዎቹ በሐዘን መሐል የቱ ይቅደም ብለው እንዳይደናበሩ።

የወንድሟ ልጅ ነጂብ ይህ ሁሉ እስኪያልቅ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። መሪማ ከፈን ስትቀድ ማንም አያናግራትም። ጥቅሉን ለሟች ወገኖች ሰጥታ ስትመለስ፣ አባቱን እንደሚጠራ ሰው ለስለስ ብሎ ጠራት።

“አዳዳ።” በኦሮምኛ የአባት እህት እንዲህ ነው የምትጠራው።

“ምን ፈለግህ? እንዲህ የምትለሰልሰው ስትፈልግ ነው።”

“ነገ እንግዶች አሉኝ። ጥቂት ሰው ነው፣ ከአዲስ አበባ። አንድ ፈረንጅም አለ። ሆልቃን ላሳያቸው ነው። አንቺ ብትመጪና አያትሽ እንዴት እንደቀረ ብትነግሪያቸው... እኔ ስናገር ‘ይሄ ልጅ ከየት ሰማው’ ይሉኛል።”

“አንተን ደግሞ መናገር መች ይቸግርሃል። ከጅዳ ይዘኸው የተመለስከው ምላስህን ብቻ ነው።”

“እሱንም ሊቀሙኝ ነበር፤ ሻንጣ ውስጥ አልገባ ብሎ ተረፈ።”

መሪማ ሳቀች። ነጂብ ዓረብ አገር ደርሶ በግድ ከተመለሰ በኋላ ሥራ አልነበረውም። በ2003 ዓ.ም. ነው ሆልቃን ማስጎብኘት የጀመረው፤ ይሄው ዓመት አለፈው።

ሆልቃ ዋሻ ማለት ነው። ከጨፋ ሮቢት ወደ ተራራው ሲወጡ ገደሉ ሥር ይገኛል። በጣሊያን ጊዜ የመንደሩ ሰው ከነልጆቹ እዚያ ተሸሸገ። ወታደሮች ደርሰው አፉ ላይ እርጥብ እንጨት ከመሩና በጭስ ሞሉት። የወጣ የለም። ሌላ ቦታ ውለው የተረፉት ሰዎች ኋላ መጥተው አፉን በድንጋይ ዘግተው፣ ዱዓ አድርገው ተመለሱ። የመሪማ አያትም ገብቶ የቀረው እዚያ ነው። መሪማ አንድም ቀን አልሄደችም። ድንጋዩን አንሥተው እንግዳ እንደሚያስገቡ ሰምታለች፤ ዱዓ የሚያደርግ ሰው ከመጣ ምን ክፋት አለው ብላ አልፋዋለች።

“እመጣለሁ፤” አለችው። በልቧም ደስ ብሏታል። የአያቷን ስም ሰው ፊት የሚያስጠራ ዘር ተገኘ ማለት ነው።

በማግሥቱ ከሚኒባሱ የወረዱት ባልና ሚስት፣ ካሜራ ያንጠለጠለ ወጣትና አንድ ሽማግሌ ፈረንጅ ነበሩ። መሪማ ንጹሕ ነጠላዋን ደርባለች። ቁልቋሉን አልፈው ሽቅብ ሲወጡ ነጂብ አላረፈም። አንድ ጊዜ በአማርኛ፣ አንድ ጊዜ በእንግሊዝኛ እያወራ፣ ሚስትየዋ ስትደክም እጇን እየያዘ፣ ከመንገድ እረኛ ሲያገኝ በኦሮምኛ እየቀለደ ሄደ። ሥራውን ይችላል። አክስቱ በዚያ ኮራችበት።

ዋሻው አፍ ሲደርሱ መጀመሪያ ያገኛት ሽታው ነው። ከተነሣው የድንጋይ ካብ ጀርባ ሰው ይሸናል፤ ከመሽናትም አልፎ የተጸዳዳ አለ፣ ዝንቡ ይመሰክራል። የውሃ ፕላስቲክ፣ የማስቲካ ልጣጭ፣ የብስኩት ወረቀት ወድቋል። መሪማ አፍንጫዋን በነጠላዋ ያዘች። ያም ሆኖ ጫማዋን አወለቀች።

“አዳዳ፣ ጫማሽን አድርጊ፣ የሌሊት ወፍ ኩስ አለ።”

“መቃብር ላይ በጫማ አልቆምም።”

“መቃብር አይደለም እኮ፣ ሆልቃ ነው።”

ባዶ እግሯን ስትገባ ኩሱ በጣቶቿ መሐል ሙልጭልጭ እያለ ወጣ። ሰውነቷን ቀፈፋት፤ ግን አልተመለሰችም።

“ጭንቅላታችሁን ዝቅ አድርጉ!” አለ ነጂብ ባትሪውን እያበራ። “እዚህ ዝቅ ያላለ እንደነሱ እዚሁ ነው የሚቀረው።”

እንግዶቹ ሳቁ። ይህን ቀልድ ለመጡት ሁሉ እንደሚቀልደው ያስታውቃል።

ብርሃኑ ግድግዳው ሥር ያለ ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ አረፈ። መሪማ ደርቃ ቀረች። የራስ ቅሎቹ ሱቅ ውስጥ ብርጭቆ እንደሚደረደር ተደርድረዋል፤ ትልልቁ ከኋላ፣ የሕፃናቱ ከፊት። የአንዱ አናት ላይ ሻማ ተተክሎ፣ ሰሙ ቀልጦ በዓይኑ ጉድጓድ በኩል ወርዷል። በሌላኛው ጥርሶች መሐል ሰው የጨረሰውን ሲጋራ ሰክቶበታል። የቀረው አጥንት ከሥር ጉድጓድ ቢጤ ውስጥ እንደ ማገዶ ተጥሏል።

ነጂብ በያዘው ዱላ አንዷን አናት ኳ ኳ አደረገ። “ይቺ ሴት ናት። ጥርሷን ተመልከቱ፣ አንድ አልጎደለም። ቆንጆ ሳትሆን አትቀርም።”

“ይሄኛውስ?” አለ ባልየው።

“ሕፃን ነው። ሕፃኑን ሁሉም ይወደዋል።”

ካሜራ የያዘው ወጣት መብራቱን ብልጭ አደረገና ወደ መሪማ ዞረ። “ነጂቤ፣ ማዘር አንዱን ይያዙልኝ። አንድ ፎቶ ብቻ።”

ነጂብ ከኋላው ረድፍ አንድ ትልቅ ቅል አነሳ። አቧራ ነበረበት፤ ሱሪው ላይ፣ ጭኑ ላይ ጠረገው፤ ሎሚ ለመብላት እንደሚጠርግ ሰው። ከዚያ ዘረጋላት።

“እንኪ፣ አዳዳ። የአያትሽ ሊሆን ይችላል፤ ማን ያውቃል።”

መሪማ አጣቢዎቹን እየረዳች ስንት ጀናዛ፣ ስንት አስከሬን አይታለች፤ በውሃ የተነፋ፣ መኪና የጨፈለቀው፣ ቀን የሰነበተ። እጇ ከአንዱም ወደኋላ ብሎ አያውቅም። አሁን ሁለቱን እጆቿን ጀርባዋ ላይ ቆለፈቻቸው። ግድግዳውን እየዳበሰች ወጣችና ቁልቋሉ ሥር ተንበርክካ አስመለሳት።

ሚስትየዋ ተከትላት ወጥታ ውሃ አፈሰሰችላት። “አይዞዎት እማማ። ሽታው ነው።”

“ሽታው አይደለም፣ ልጄ።”

ነጂብ መጣ። “ማል ታቴ? ምን ሆንሽ አዳዳ? ሰዎቹ እኮ እየጠበቁሽ ነው።”

“ስማ፣” አለችው አፏን እየጠረገች። “ሱሪህ ላይ ነው የጠረግኸው። ሽንት ስትሸና በያዝከው እጅ ነው ያነሣኸው። አያቴ ይሁን ሌላ የማታውቀውን ሰው ‘እንኪ’ አልከኝ። እኔ ቋንጣ ልገዛ ነው የመጣሁት?”

“እኔ ምን አደረግሁ? የመንደሩ ሼህ አቡበከር አይተውታል። ሽማግሌዎቹ ሁሉ ፈቅደዋል። ‘ሸሂድ አይታጠብም፣ ከፈን አያሻውም፣ ቀብር አልተደረገም ብላችሁ አትጨነቁ’ ብለዋል።” ድምፁን ዝቅ አደረገ። “አንቺስ? ልጅ ሆኜ የነገርሽኝ አንቺ አይደለሽም? ‘የሆልቃ ሰዎች ሸሂድ ናቸው፣ ምንም አያሻቸውም’ አላልሽኝም?”

ብላዋለች። ለእሱ ብቻ አይደለም፤ ለጠየቀ ሁሉ ስትመልስ የኖረችው እንደዚያ ነው። ሸሂድ፣ በግፍ የተገደለ ሰማዕት፣ በለበሰው ልብስ፣ ከነደሙ ጌታውን ይገናኛል። አይታጠብም፣ አይከፈንም። የአገሩ ሰው ሁሉ ይህን ይዞ፣ ከዚያ አንድ እርምጃ ወደፊት ተራምዶ፣ አይቀበርም ያለ ይመስል ዋሻ ውስጥ ትቷቸው ኖረ። ድንጋዩ አፉ ላይ እያለ ስሕተቱ አይታይም ነበር። ድንጋዩ ሲነሣ ነው ሰዎቹ አፈር አልባ መሆናቸው የታየው። ከፈን የምትቀድ ሴት ናትና፣ ከፈን ከሌለ ሥራ የለም ብላ እሷም አልፋዋለች።

“ከፈን አያሻቸውም፤” አለች ቀስ ብላ። “አፈር ግን ያሻቸዋል። አፈር የማያሻው ሰው አልተፈጠረም።”

“አፈር ከለበሱ ማን ይመጣል? አፈር ለማየት ከአዲስ አበባ ድረስ? እኔስ ምን ልብላ አዳዳ? ደግሞ እንደ ቅርስ ነው የሚታየው፤ ዝም ብሎ የሚነካ አይደለም፤ ቢሮ አለው፣ ፈቃድ አለው።”

“ሻማ የተከልክበት በየትኛው ፈቃድ ነው?”

ነጂብ ወደ ዋሻው አፍ ዞረ።

መሪማ ተነሣች። ነጠላዋን ከትከሻዋ አውርዳ መሬት ላይ ዘረጋች፤ ከመሐል ወደ ዳር በመዳፏ ገፋ ገፋ አደረገችው። ገደሉ ሥር ካለው ቀይ አፈር በእጇ እየቧጠጠች ሞላችበት፤ አራቱን ጫፍ ይዛ አነሣችው። ከበዳት። ሚስትየዋ ሳትጠየቅ አንዱን ወገን ያዘችላት።

ውስጥ ገብታ ከድንጋዩ ላይ ቅሎቹን አንድ በአንድ በሁለት እጇ እያነሣች ጉድጓዱ ውስጥ አስተኛቻቸው። የሲጋራውን ቁራጭ አውጥታ ወረወረችው። ሰሙን በጥፍሯ ፋቀችው፤ ሁሉም አልለቀቀም። ቅሎቹን ስትነካ መጀመሪያ የቀፈፋት ቀረ፤ አሁን የቀፈፋት የድንጋዩ መደርደሪያ ነው፣ የተመልካቹ ጫማ ነው፣ ጥግ ያለው ሽንት ነው።

“ቀብር የወጣ ሰው ሦስት እፍኝ ሳይሰጥ አይመለስም፤” አለቻቸው እንግዶቹን። “እናንተም ቀብር ወጥታችኋል። አላወቃችሁም እንጂ።”

“እኛም አገር እንዲሁ ነው፣ አፈር እናለብሳለን፤” አለች ሚስትየዋ፣ ዝቅ ብላም ዘገነች። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። ባሏ መነጽሩን አውልቆ ተከተላት። ፈረንጁ ባርኔጣውን አወለቀና አንድ እፍኝ ጣለ፤ ከዚያ እጁን በመሐረብ ደጋግሞ ጠረገ። መሪማ አየችው፤ እሱም ቀፎታል፣ አፈሩ ነው የቀፈፈው። ካሜራ የያዘው ወጣት አፈር ሳይነካ፣ አፈር የሚጥሉትን ሰዎች ፎቶ ሲያነሣ ቆየ።

“አንተ ልጅ፣ እጅ የለህም?” አለችው።

“አለኝ ማዘር፣ ካሜራ ይዤበት ነው።”

“እንግዲያስ ስትሞት ካሜራው ይቅበርህ።”

አፍሮ ሳቀ፤ ቆይቶም በአንድ እጁ ጣለ። ነጂብ ግን አልጣለም። ባትሪውን እያበራላቸው ቆመ። ከሚሴ ሲለያዩ “አዳዳ፣ እንጀራዬን ቀበርሽው” አላት።

“እንጀራህ አይደለም፤ የአባትህ አያት ነው።”

ነገሩ በዚያ ቢያልቅ ጥሩ ነበር። ጥቂት ቆይታ መሪማ ብቻዋን ተመልሳ ሄደች። ነጂብ አፈሩን በመጥረጊያ ጠርጎ፣ ቅሎቹን እንደገና ድንጋዩ ላይ ደርድሯቸዋል። ይህን ስታይ አልጮኸችም። ምራቋን ወደ ውጭ ተፋች፤ ነጠላዋን አወለቀችና አፈር ሞላችበት። እሱ ይጠርጋል፣ እሷ ትመልሳለች። ሼህ አቡበከርን ስታነጋግራቸው “እውነት ነው፣ አፈሩን ረስተን ነበር፤ አልተስተዋለም” ብለው ለሌሎቹ ሽማግሌዎች ለመንገር ቃል ገቡ። ቃሉ እስካሁን ቃል ነው። ነጂብም እንግዳ ማምጣቱን አልተወም፤ መሪማ ትጣላዋለች እንጂ አትጠላውም። ምሳውን እሷ ቤት ነው የሚበላው፤ አስቀድማ ግን እጁን በሳሙና ታስታጥበዋለች፣ ሁለት ጊዜ።

ይህ እንዲጻፍ የፈቀደችው አንድ መልእክት እንዲደርስላት ነው፤ በቃሏ ይኸው።

“ይህን የምታነቡ፣ በከሚሴ ስታልፉ ‘ሆልቃን እናሳያችሁ’ የሚል አይጠፋም። ሂዱ፣ አልከለክላችሁም። የወንድሜ ልጅ ከዚያ ነው የሚበላው። ስትገቡ ግን ባዶ እጃችሁን አትግቡ። ከገደሉ ሥር ካለው ቀይ አፈር ዘግናችሁ ያዙ። ከድንጋዩ ላይ ምንም አታንሡ፣ አትንኩ፣ አጠገባቸው አትሳቁ። ሦስት እፍኝ ጣሉላቸው። ዱዓ የምታውቁ ዱዓ አድርጉ፤ የማታውቁ ዝም በሉ፣ ዝምታም ይደርሳል። እኔ ብቻዬን የጣልኩትን እሱ በአንድ መጥረጊያ ይጠርገዋል። የገባ ሁሉ ከጣለ ግን መጥረጊያው ያልቃል እንጂ አፈሩ አያልቅም። ነጂብ ቢቆጣችሁ ደግሞ፣ ‘አዳዳ መሪማ ልካን ነው’ በሉት።”