ባለካሜራዋ እና አለቃ

ስለዚህች ሴት የምጽፈው በደንብ ስለማውቃት አይደለም። አንድ የፎቅ ደረጃ የምንጋራ ጎረቤታሞች ነን፤ አብዛኛውን ጊዜ ሰላምታ ተለዋውጠን እንተላለፋለን። የሚያውቋት ሰዎች ቢጽፉ ይሻል ነበር፤ ግን ሲጽፉ አላየሁም።

ሥራዋ ዘጋቢ ፊልም ነው። ድሮ ሰርግ ትቀርጽ ነበር። ታናሽ ወንድሟ እንደሚያወራው ከሆነ ሙሽሮቹን ትታ ከጓሮ ሰሃን የሚያጥቡትን ሴቶች እየቀረጸች ሰው አስቀይማ ነው የተወችው። ያነሳችውን የሚያቀናብርላት እሱ ነው፤ መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋርደው እዚያች ጠባብ ክፍል ውስጥ ሲጨቃጨቁ እሰማቸዋለሁ።

ባለፈው ዓመት ከቆሻሻ መጣያ ፕላስቲክና ብረት የሚለቅሙ ሴቶችን ልትቀርጽ ሄደች። ካሜራዋን ቶሎ አላወጣችም። ጓንት አጥልቃ አብራቸው ለቀመች፤ "ይቺ ደግሞ ልትሻማን ነው የመጣችው!" እያሉ እስኪስቁባት ድረስ። ከሁሉም ተጫዋቿ ማንም ሳይሾማት "አለቃ" የሚሏት ሴት ነበረች። መጀመሪያ የተቀረጸውን ፊልም ከዳር እስከ ዳር የሞላችው እሷ ነበረች ማለት ይቻላል።

ባለካሜራዋ አንድ ደንብ አላት። ፊልሙን ከማንም በፊት የሚያዩት የተቀረጹት ሰዎች ናቸው፤ "አውጪኝ" ያለ ይወጣል። ለሴቶቹ ባሳየችበት ቀን ነጭ አንሶላ ስላዋስኳት እኔንም ጋበዘችኝ። አንሶላው በአንድ መጋዘን ግድግዳ ላይ ተወጠረ። አለቃ ራሷን እያየች ከሁሉም በላይ ሳቀች። መብራቱ ሲበራ ግን እኔ ወደተቀመጥኩበት ጥግ መጥታ ባለካሜራዋን ጠራቻት።

"ልጄ፣ እኔን አውጪኝ።"

"ምነው እናቴ? ደስ አላለዎትም?"

"ደስማ ብሎኛል። ሴት ልጄ ልታገባ ነው። የባሏ ወገኖች ቢሮ የማጸዳ ነው የሚመስላቸው።"

የባለካሜራዋ ወንድም ጣልቃ ገባ። "ፊትዎን እንሸፍነው፤ ድምፅዎ ብቻ ይግባ።"

"ድምፄንማ አሳምረው ያውቁታል! ስለ ድግሱ ስንነጋገር ጆሯቸውን አደንቁሬዋለሁ።"

ወንድሟ እህቱን ገለል አደረጋት። "እህት ዓለም፣ እሷ ከወጣች ምን ሊተርፈን ነው? ቆሻሻው ብቻ!"

ፊልሙ በአንድ ትልቅ አዳራሽ እንደሚታይ ማስታወቂያ ከወዲሁ ተለጥፎ ነበር። ባለካሜራዋ ወደ አለቃ ተመለሰችና "ይወጣል" አለቻት።

በአዳራሹ ያየሁት ፊልም ውስጥ አለቃ የለችም። ሴቶቹ ጎንበስ ብለው ሲለቅሙ ቆይተው ድንገት ቀና ይላሉ፤ ሁሉም ወደ አንድ ጎን ዞረው ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። ማን እንዳሳቃቸው አይታይም፣ አይሰማም። አጠገቤ የነበሩት ሽማግሌ ነገሩ ሳይገባቸው አብረው ይንፈቀፈቁ ነበር። ስለ ፊልም የማውቀው ነገር የለም፤ ግን እንዲያ አድርጎ መቁረጥ ለሁሉም ሰው የሚሰጥ ችሎታ አይመስለኝም።

ሰው ሲበተን ባለካሜራዋን ኬብል ስትጠቀልል አገኘኋት።

"የአለቃን ቀረጻ አጠፋሽው ወይስ አለ?" አልኳት፣ እንዴት እንደደፈርኩ እንጃ። ወንድሟም ጆሮውን አቆመ፤ ለካ እሱም አያውቅም ኖሯል።

"እሱን እንኳ አትጠይቂኝ" አለችና የኬብሉን ጫፍ አስያዘችኝ።