ሽማግሌዎቹ ቆመው ያዩት የሙት መንፈስ

ባሌ ለሁለተኛ ጊዜ ሽማግሌ የላከ ቀን አክስቴ ቴሌቪዥኑን አልዘጋም አለች። ይሄን ስናገር ሰው አያምነኝም። የተከበሩ ሦስት ሰዎች ሳሎን መሃል ቆመው እያዩዋት፣ እሷ ሶፋዋ ላይ እግሯን አጣጥፋ፣ ብርድ ልብሷን እስከ አገጯ ስባ፣ «አንዴ ብቻ፣ ሊያልቅ ነው» አለቻቸው። ሊያልቅ ነው ያለችው ፊልም ገና እኩሌታው ላይ አልደረሰም ነበር።

እናቴ ስትሞት ከአዲስ አበባ ወደ ካምፓላ ያመጣችኝ፣ ያሳደገችኝም ይህች አክስቴ ናት። ካባላጋላ በሚባለው ሰፈር ምግብ ቤት አላት። ከምግብ ቤቱ ጀርባ ዳገቱ ላይ ደግሞ ሁለታችን የምንኖርበት ቤት ነበረን። ባል አላገባችም፣ ልጅ አልወለደችም፤ ያሏት እኔና የሙት መንፈስ ፊልሞቿ ብቻ ነን። እሁድ ከቤተክርስቲያን ስንመለስ ምግብ ቤቱ ይዘጋል፣ መጋረጃው ይወርዳል፣ ለሁለት አንድ ብርድ ልብስ ለብሰን ማየት እንጀምራለን። በካምፓላ ሙቀት ምን ብርድ ልብስ ያስፈልጋል የሚል ካለ፣ ለብርድ አይደለም፤ ለመደበቂያ ነው። ፊልሙ ሲያልቅ ብርድ ልብሱን አጥፎ ማስቀመጥ የእኔ ሥራ ነው። አክስቴ በዕድሜዋ አንድ ጨርቅ አጥፋ አታውቅም።

ፊልሞቹን የምታመጣው ከናኪቩቦ ገበያ ነው። እዚያ በፍላሽ እየገለበጠ የሚሸጥላት ሰውዬ አለ። አንድ ቀን በአገሩ ቋንቋ በሉጋንዳ የተተረጎመ ሰጣት። እዚህ አገር ፊልሙ ላይ እየተረጎመ፣ እያሳቀ፣ ከራሱም እየጨመረ የሚያወራ ሰው አለ፤ ሕዝቡ ይወደዋል፣ እኔም ለድብድብ ፊልም እወደዋለሁ። በዚያኛው ፊልም ግን አንዲት እናት ጨለማ ውስጥ ትንፋሿን ውጣ ቆማለች፣ ተርጓሚው ደግሞ እንደ ታክሲ ረዳት ይጮኻል። አክስቴ በማግስቱ ናኪቩቦ ወርዳ ፍላሹን ባንኮኒው ላይ ወረወረችለት። «ይሄ ሰውዬ ሲያወራ መንፈሱ ራሱ ጆሮውን ይዞ ወጣ!» አለችው።

እሷ ዘንድ ማስደንገጥና ማስፈራት አንድ አይደለም። «ማስደንገጥማ ጎማ ሲፈነዳም ያስደነግጣል» ትላለች። ሟቿ ፊቷ ተበላሽቶ፣ ፀጉሯን በትና ብቅ ካለች አክስቴ ብርድ ልብሱን ከፊቷ ታወርደዋለች። «በቃ፣ አሁን ምኗ ያስፈራል? ሐኪም ቤት ይውሰዷት» ብላ ሻይዋን ትጠጣለች። ሽልማት ያግበሰበሱ፣ ስማቸው የገነነ ፊልሞች በዚህች በአንድ ቃል ሲወድቁ አይቻለሁ። የሚያስፈራው፣ በእሷ አባባል፣ መጀመሪያ ቤቱን በደንብ የሚያሳየው ነው፤ ስኒው የት እንደሚቀመጥ፣ የቱ በር እንደሚንቋረር፣ ማን የቱ ወንበር ላይ እንደሚቀመጥ። ከዚያ አንዲት ዕቃ ቦታዋን ትለቃለች። «ቤቱን ካላወቅሽው ምን እንደጎደለበት በምን ታውቂያለሽ?» ትለኛለች። ልከራከራት እፈልጋለሁ፤ ግን ልክ ናት፣ ያናድደኛል።

እንግዲህ እዚህ ቤት ውስጥ ነው ያን ዘንጋዳ የሚያህል ፈሪ ሰውዬ ያመጣሁት። አንድ ዓለም አቀፍ ድርጅት ውስጥ ይሠራል፤ ሸበላ ነው፣ ከቁመቱ የተነሳ በራችንን ጎንበስ ብሎ ነው የሚያልፈው። የመጀመሪያው እሁድ ፊልሙ በቅጡ ሳይጀመር «ስልክ ተደወለልኝ» ብሎ በረንዳ ወጣና እስኪያልቅ አልተመለሰም። ስልኩ የእኔ ቦርሳ ውስጥ ነበር። አክስቴ ቦርሳዬን አየች፣ በረንዳውን አየች፣ ወደ እኔ ዞራ «አንቺን የሚጠብቅሽ ይሄ ነው?» አለችኝ። አፈርኩ። ግን ወድጄዋለሁ፣ ምን ላድርግ!

ሽማግሌ ሲልክ የመጀመሪያውን ጊዜ «ዘመድ ላማክር» ብላ መለሰቻቸው። ደንቡ ነው፣ በአንዴ እሺ አይባልም፤ ደስ አለኝ እንጂ አልከፋኝም። ግን ምክሩ ወራት ፈጀ። የትኛውን ዘመድ ነው የምታማክረው? አዲስ አበባ ያሉት በሙሉ በስልክ «እሰይ!» ብለው ጨርሰዋል። እኔ ጥያቄ ባነሳሁ ቁጥር «ምን አስቸኮለሽ፣ ቤቱ ጠበበሽ?» ትለኛለች። በመጨረሻ ከሽማግሌዎቹ አንዱ የሆኑት ቄስ እጮኛዬን ጠርተው፣ «ልጄ፣ አንድ ጊዜ ደግመን እንሄድልሃለን። ዛሬም ዘመድ ላማክር ካሉን ግን የማይሰጡህን እየነገሩህ ነው፤ ከዚያ በኋላ እኛም አንሄድም» አሉት። እኔ ደግሞ ያለ እሷ ምርቃት ማግባት አልችልም። እናቴ ናት። ስለዚህ በዚያ እሁድ እሺ ካላለች አለቀ፣ ደቀቀ።

እንደሚመጡ በደንብ ታውቃለች፤ ጠዋት ሹክ ብያታለሁ። ፊልሙን የከፈተችው ሆን ብላ ነው።

እኔ እንደ ደንቡ ወጥ ቤት ተደብቄአለሁ። እጮኛዬ ሽማግሌ የላከ ሰው ስለሆነ በአካባቢው መታየት የለበትም፤ ግን አላስችል ብሎት ከመንገዱ ማዶ ሮሌክስ ሻጩ ጋ ቆሟል። እዚህ ሮሌክስ ማለት በቻፓቲ የተጠቀለለ እንቁላል ነው፤ ሲጨንቀው ይበላል። በወጥ ቤቱ መስኮት ሲያላምጥ ይታየኛል፣ በበሩ ስንጥቅ ደግሞ ሳሎኑ።

ሽማግሌዎቹ ገቡ። ቄሱ መስቀላቸውን ይዘው፣ ናኪቩቦ ልብስ የሚሸጡ የወሎ ሰው ሐጂ፣ ከአየር መንገድ ጡረታ የወጡ የአውሮፕላን ጥገና ባለሙያ። «ተቀመጡ» አለች አክስቴ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳትነቅል።

«የመጣንበትን ተናግረን እሺ ሳይሉን አንቀመጥም» አሉ ሐጂ፣ እንደ ወጉ።

«እንግዲያስ ቁሙ» አለች።

ወይ ጉድ! ፎጣውን አፌ ውስጥ ወተፍኩት እንጂ እጮኽ ነበር።

እነሱም ቆሙ። መጀመሪያ ፊልሙን ላለማየት ጣሪያውን፣ መጋረጃውን፣ ጫማቸውን ያያሉ። ንግግር እምብዛም የሌለበት፣ ከየት አገር እንደመጣ እስካሁን ያላወቅነው ፊልም ነው፤ ሰዎቹ ቤት ሲገቡ ጫማ ያወልቃሉ። ሚስቱ የሞተችበት ሰውዬ አለ። ጠዋት ይነሳል፣ ብርድ ልብሱን እንደተዝረከረከ ትቶት ጥርሱን ሊቦርሽ ይሄዳል፤ ሲመለስ ብርድ ልብሱ ታጥፏል፣ ጫፍ ለጫፍ ገጥሟል። በቃ ይኸው ነው። ፊት የለ፣ ጥላ የለ፣ ጩኸት የለ።

«ማነው ያጠፈው?» አሉ ጡረተኛው ሳያስቡት።

«ዝም ይበሉ» አለች አክስቴ።

ሰውዬው እያደር መፍራቱን ተወ። እንዲያውም ብርድ ልብሱን ሆን ብሎ ያመሰቃቅለዋል፣ አንድ ቀን ቋጠሮ ቋጠረው፤ ሲመለስ ቋጠሮው ተፈትቶ፣ ታጥፎ ጠበቀው። ሐጂ ፈገግ ሲሉ በስንጥቁ አየኋቸው። ሦስቱም ሳይታወቃቸው ወደ ስክሪኑ ቀርበዋል። ቀጥሎ ሰውዬው አንድ ጠዋት የተኛ መስሎ ዓይኑን ጨፈነ፤ ሊይዛት ነው። ክፍሉ ጭጭ አለ። የብርድ ልብሱ ጫፍ ቀስ ብሎ ከትከሻው ላይ መንሸራተት ጀመረ። እኔም ለማየት በሩ ላይ ተደገፍኩ፤ ክርኔ የድስቱን ክዳን ነካው፤ ክዳኑ ሲሚንቶው ላይ ወርዶ እየዞረ አካባቢውን አናወጠው።

«በስመ አብ!» አሉ ቄሱ መስቀሉን ቴሌቪዥኑ ላይ ደግነው። «አዑዙ ቢላህ!» አሉ ሐጂ። ጡረተኛው የአክስቴን ብርድ ልብስ ጨምድደው ያዙና እሪ አሉ፤ አክስቴም በበኩሏ እሪ አለች።

ከመንገዱ ማዶ የነበረው እጮኛዬ የሰማው የሽማግሌዎቹን ዋይታ ነው። አንድ ቦዳ የሚሉት የሞተር ታክሲ ሊገጨው ለትንሽ ሳተው። ሮሌክሱን እንደያዘ በሩን በርግዶ ገባ፣ ጎንበስ ማለቱንም ረስቶ ግንባሩን ከመቃኑ አላተመ።

«ሽማግሌ ልኮ ተከትሎ የሚመጣ ዛሬ ገና አየሁ!» አለች አክስቴ።

«ሰው የሞተ መስሎኝ...»

«ሞታለች! ፊልሙ ሳይጀመር ነው የሞተችው። በሩን ዝጋና ቁም።»

ዘጋና ቆመ፣ አራተኛ ሽማግሌ ሆኖ። ላቡ ይንቆረቆራል፤ ግን መውጫ አልነበረውም፣ ስልክ ተደወለልኝ አይል ነገር። እኔ ወጥ ቤት ውስጥ አልቅሼ ልሙት ወይስ ስቄ ልሙት ግራ ገባኝ። ደንቡ ሁሉ ፈርሷል፤ አሁን «ዘመድ ላማክር» ብትል ማን ይፈርድባታል?

ፊልሙ ወደ መጨረሻው ሄደ። የሰውዬው ልጆች መጡና ከተማ ይዘውት ሊሄዱ ነው። ዕቃው ተጫነ፣ ብርድ ልብሱ ተጠቅልሎ መኪና ላይ ወጣ፣ በሩ ተዘጋ፣ የመኪናው ድምፅ ራቀ። ካሜራው ግን አብሯቸው አልወጣም። ባዶው መኝታ ቤት ውስጥ ቀረ። ምንም የለም፤ ፍራሽ ብቻ። ከዚያ የፍራሹ ጠርዝ በቀስታ ጎደጎደ፣ ሰው ሲቀመጥበት እንደሚጎደጉደው። አለቀ።

አክስቴን አየኋት፤ ዓይኖቿ እንባ አቅርረዋል፤ እንዲህ ሆና አይቻት አላውቅም። ያን ጊዜ ነው የገባኝ፤ እሷ እያየች የነበረችው የራሷን ሳሎን ነው። አንጀቴን በላችው። እኔ በሻንጣ ስወጣ ካሜራው የሚቀረው ከእሷ ጋር ነዋ።

ቀድሞ የተናገረው ያ ፈሪ ነው። ሮሌክሱ እጁ ላይ ቀዝቅዟል። «ብርድ ልብሱን ለምን ይዞባት ሄደ?» አለ። «ምን ልታጥፍ ነው አሁን?»

አክስቴ ቀና ብላ አየችው። ከዚያ ፊቷን በብርድ ልብሷ ጠረገች። «ተቀመጡ» አለች።

«እሺ ሳይሉን...» ሐጂ ጀመሩ።

«እሺ እኮ ነው የምላችሁ! ተቀመጡ በቃ፣ ከመጀመሪያው አላያችሁትም፤ እንደገና ልክፈትላችሁ።»

እልል ያልኩት እኔው ራሴ ነኝ፣ ለሙሽራ ነውር ነው ቢባልም። ሽማግሌዎቹ እንደገና ከመጀመሪያው አዩት፤ እጮኛዬ መሃላቸው ተሸጉጦ ብርድ ልብሱን እስከ ዓይኑ ድረስ ተከናንቦ። አክስቴ ወጥ ቤት መጥታ የወደቀውን ክዳን አነሳችና፣ «እሱን ጠልቼ አይምሰልሽ» አለችኝ። «እንዳትሄጂብኝ ፈርቼ ነው።» ተቃቅፈን ተላቀስን።

ቤታችንን በቦዳ ብዙም ከማይርቅ ቦታ ተከራየን። ከሠርጉ በኋላ ሻንጣዬን ይዤ ስወጣ ብርድ ልብሱን ሳላጥፈው፣ ሶፋው ላይ እንደተዝረከረከ ተውኩት። ምክንያቱን ለማንም አልተናገርኩም። በሳምንቱ እሁድ ከባሌ ጋር ስንመጣ ብርድ ልብሱ ታጥፏል፣ ጫፍ ለጫፍ ገጥሟል።

«አጠፍሽው?» አልኳት።

«እኔ?» አለች ሳትስቅ። «መቼ ነክቼው አውቃለሁ?»

ባሌ የያዘውን የማንጎ ከረጢት እንደታቀፈ ደረቀ። አክስቴ ወደ ወጥ ቤት ዞራ ስትሄድ ትከሻዋ በሳቅ ይንቀጠቀጥ ነበር። ከዚያ ወዲህ በየእሁዱ እንዲሁ ነው፤ አመሰቃቅለነው እንሄዳለን፣ ታጥፎ ይጠብቀናል። እሷም አልነካሁትም ትላለች። ባሌ ደግሞ አንድ እሁድ ቀርቶ አያውቅም። በሥራ ቀን እንኳ በመንገዱ ጎራ ይልና በር ላይ ቆሞ ሰላም ብሏት ይሄዳል።

በቀደም እሁድ የካምፓላ ዝናብ ሰማይ የተቀደደ ይመስል ወረደ። መንገዱ ወንዝ ሆኗል፤ ዛሬስ ይቅር አልኩት። አልሰማኝም፤ ቦዳ ፈልጎ፣ እኔን ከኋላው አስቀምጦ፣ ሁለታችንም ውሃ ሆነን ደረስን። አክስቴ በሩን ከፍታ ስታየው ተናደደች።

«አንተ! መንፈስ እንዲህ እየፈራህ፣ በዚህ ዝናብ ምን አስመጣህ?»

እሱ የታጠፈውን ብርድ ልብስ በጎን እያየ፣ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እሱማ እፈራለሁ» አላት። «ግን እርስዎን ብቻዎን ከእሷ ጋር ትቼ እንዴት ይሆናል?»

አክስቴ ብርድ ልብሱን ከሶፋው ላይ አነሳች፣ ዘረጋችው፣ እርጥብ ትከሻው ላይ ጣለችለት።