ከምድጃው በላይ የተሰቀለው ቆርቆሮ

ደብረ ብርሃን ያለውን ቤታችንን አያቴ ለማኅበርና ለተዝካር እንግዳ ብለው ስላሠሩት ጣሪያው እጅግ ከፍ ያለ ነበር። በአንድ ክረምት ከጭቃ የተሠራው ማድቤት ፈርሶ ምድጃው ወደዚህ አዳራሽ ሲዛወር፣ ከዚህ ሁሉ ከፍታ በታች ጭስ ያስቸግራል ብሎ የጠረጠረ አልነበረም። የኩበት ጭስ ግን በአገራችን ብርድ ጣሪያ ድረስ አይዘልቅም፤ መንገድ ላይ ይቀዘቅዝና ተመልሶ በሰው ፊት ላይ ይረብባል። ጥቅምት ሲገባ እናቴ ግድግዳ ሳትደገፍ መተንፈስ አቃታት። ሐኪሙ «ወይ ጭሱ ይውጣ፣ ወይ እሷ ትውጣ» አለ።

ወሬው ደነባ ደረሰና ታላቅ እኅቷ በቅሎ አስጭና መጣች።

«ሴቶች ልጆች አሉኝ፤ እኔ ዘንድ እሳት አትነካም» አለች።

«በሰው ጓዳ እንግዳ ሆኜ ልሙት?» ብላ እናቴ ፊቷን አዞረች።

አክስቴ አንድ ነገር ብቻ ፈቀደች፤ ጭሱን እንዲያወጣ ያዘዝሁት ቆርቆሮ ከምድጃው በላይ ተሰቅሎ እንዲታይ። ካልረዳት ይዛት ልትሄድ ቆረጠች።

አዲስ አበባ ስማር፣ በአንድ ቤት ከምድጃ በላይ የተገጠመ፣ በኤሌክትሪክ ጭስ የሚስብ ሽፋን አይቼ ነበር። እኛ ቤት መብራት ስላልነበረ፣ ጭሱ በገዛ ሙቀቱ በጣሪያው በኩል እንዲወጣ፣ ከምድጃው ሰፋ ያለ፣ እንደ ተደፋ ቅርጫት ያለ ቆብ ከነረጅም ቧንቧው በገበያ ቆርቆሮ ሠሪ ዘንድ አሠራሁ። ጭቅጭቁ የመጣው በሚሰቀልበት ቦታ ነው።

«ዝቅ ይበል፤ ከእማዬ ራስ ብዙ መራቅ የለበትም» አልሁ።

አባቴ ቄስ ናቸው። ቆቡን ዙሪያውን አዩት። «ከራስ በላይ ጥላ የሚያዘው ለታቦት ነው። ለጎመን ጥላ ይያዝ ነው የምትለው?»

አክስቴ ሳቀች፦ «ቄሱ ጎመኑ እንዳይነግሥባቸው ፈሩ!»

እርሳቸው አልሳቁም። ቆቡ በቃላቸው ከጣሪያው ሥር በሽቦ ተሰቀለ፤ ጣሪያውን በስቶ ከሚወጣው አጭር ቁራጭ የተረፈው ቧንቧ ጥግ ተደገፈ። ሰፊ ስለሆነ ከላይም ቢሆን ይሰበስባል ተባለ።

በማግስቱ ጧት እናቴ እሳት አንድዳ ሽንኩርት ማቁላላት ጀመረች። አክስቴ በር አጠገብ ተቀመጠች፤ በቅሎዋ ደጅ ታስራለች። ጭሱ መጀመሪያ ቀጥ ብሎ ወጣ። ከመካከል ሲደርስ ተበተነ፤ ግድግዳውን ተከትሎ ወረደ። እናቴ ሳለች፣ ደግማ ሳለች፤ ከዚያ ሳሉ ቆመና የትንፋሿ ፉጨት ብቻ ተሰማ። ደግፌ አወጣኋት።

«በቅሎዋን ጫኑ!» አለች አክስቴ።

አባቴ ቀና ብለው ቆቡን ሲያዩ ቆዩ። መሰላል አመጡና ጋቢያቸውን አውልቀው ወጡ። ሽቦውን የፈቱት ራሳቸው ናቸው። እኔ የተረፈውን ቧንቧ ቀጠልሁ።

«እስከ የት ይውረድ?» ሲሉ እናቴን ጠየቋት።

ትንፋሿ መለስ ሲልላት ገብታ ምድጃው ዘንድ ቆመች፤ መዳፏን ከግንባሯ ትንሽ ከፍ አደረገች። «እዚህ ድረስ።»

«ራስሽን ይመታሻል።»

«ይምታኝ! ሻሽ አስሬ የለ?»

እሳቱ እንደገና ነደደ። ጭሱ ከቆቡ ሥር ተጠራቅሞ ተሽከረከረ፤ ጠርዙን አልፎ ሊፈስም ቃጣ። ብረቱ እየጋለ ሲሄድ ወደ ቧንቧው መሳብ ጀመረ። እናቴ በርበሬውን ጨመረችና ሳለች። አክስቴ ብድግ አለች።

«የበርበሬው ነው» አለች እናቴ፣ ዓይኗን ከድስቱ ሳትነቅል።

አክስቴ እሷን አላየችም። የቆቡን ጠርዝ ዙሪያውን እየተከተለች ስትመለከት ቆየች። እናቴም ማማሰሉን አላቋረጠችም፤ ሳሉም አልተመለሰም።

«በቅሎዋን አራግፉልኝ» አለች አክስቴ በመጨረሻ። «ግን በበሩ በኩል ካለው ጠርዝ ሥር ጭሱ አሁንም ያፈተልካል፤ ያንን ሳትደፍኑት አልሄድም።»