ለቋጠሮው የሚቀር ትንፋሽ

ልጅ ሳለሁ ተረት የምሰማው ፊኛ እየነፋሁ ነበር። እማዬ ቀን የሰው ቤት ልብስ ታጥባለች፤ አልፎ አልፎ ደግሞ ለልደትና ለሠርግ ቤት ታስጌጣለች። መንፊያዋ ከተሰበረ ወዲህ ካሳራኒ በሚባለው ሰፈር፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ባለችው አንድ ክፍል ቤታችን ፊኛው ሁሉ የሚነፋው በአፍ ነበር። ጎረቤታችን እማማ ዘይነባ፣ የሞያሌዋ ባልቴት፣ «ሳንባዬ አርጅቷል» ብለው አይነፉም፤ እኛ የነፋነውን እየቋጠሩ ተረት ይነግሩናል። «ተረት ተረት» ሲሉ እኔና ታናሽ ወንድሜ ፉአድ «የላም በረት» ማለት አንችልም፤ አፋችን ተይዟል። ያኔ መልሳችን ትንፋሽ ብቻ ነበር፦ ፉፍ።

ፊኛ መንፋት እኮ ዘዴ አለው። መጀመሪያ ሳብ ሳብ አድርገህ ታለሰልሰዋለህ። በጉንጭህ ከነፋህ ጆሮህ ሥር ያምሃል፤ ትንፋሹ ከሆድ ይምጣ። ከባዷ የመጀመሪያዋ ትንፋሽ ናት፤ እሷን ካለፍክ ላስቲኩ እሺ ይላል። አየር ስትስብ አንገቱን በሁለት ጣትህ ቆንጠጥ ታደርጋለህ፤ አለዚያ የሰጠኸውን መልሶ ፊትህ ላይ ይተፋዋል። ይህን ማንም አላስተማረኝም፤ እያፈነዳሁ ነው የደረስኩበት።

አንድ ቀን እማዬ ጊጊሪ፣ የሀብታሞቹ ሰፈር፣ ቤት የምታስጌጥላት አዲስ ደንበኛ አገኘች። «የነገው ካማረ ሌሎቹም ይጠሩኛል» አለች፣ እጥበት ያቆራፈደውን እጇን እያሸች። «ካላማረ በቃ፣ ዕድሜ ልኬን ከሳፋው ጋር ነኝ።» ሲመሽ መብራት ሄደ። ሻማ አበራን፤ በር ላይ የከሰል ምድጃችን፣ የጂኮው፣ ፍም ብልጭ ድርግም ይላል። እማማ ዘይነባ አዘኑልንና በቅቤ የራሰ ጨጨብሳ ይዘው መጡ። «በባዶ ሆድ ምን ትንፋሽ አለ? ብሉ!» በላን፤ እጃችንን በጨርቅ ጠረግ አድርገን ወደ ፊኛችን ተመለስን።

ተረታቸው ገለባ የሚለይበት ነፋስ ስለጠፋበት ገበሬ ነበር። ነፋሱ አንድ ቀን ሲመጣለት በስልቻ ሊያጠራቅመው ተነሣ፤ «ትንሽ ልጨምር፣ ትንሽ ልጨምር» እያለ ስልቻውን ሲወጥር፣ ሲወጥር…

ጧ! አንድ ፊኛ ፈነዳ። ወዲያው ሌላው። ፉአድ «ጂኮው ነው!» ብሎ ጮኸ። ጂኮውን አራቅነው፤ ጧ! እማዬ ግድግዳውን ተደግፋ ቁጭ አለች። «ተዉት ልጆች። ዕድሌ ነው።»

እማማ ዘይነባ አንዱን ቁራጭ አንሥተው አሸተቱና ወደ እማዬ ዞሩ። «ራህማ፣ ቅቤ ነው! ቅቤ ላስቲኩን በልቶት ነው። ወላሂ፣ ያፈነዳሁት እኔው ነኝ!»

«እማማ፣ ፊኛም ጨጨብሳ ይወዳል እንዴ?» አለ ፉአድ፤ እማዬ እንዲያ ደክሟትም ሳቀች።

እጃችንን በሳሙና ታጥበን እንደ አዲስ ጀመርን። ብዙም ሳንሄድ እማዬ ያልተነፋ ፊኛ ከንፈሯ ላይ እንዳለ እንቅልፍ ጣላት። እማማ ዘይነባ ቀስ ብለው ወሰዱላት፣ በሻርፓቸው ጠረጉት፣ ራሳቸው መንፋት ጀመሩ። ይነፋሉ፣ ያስላሉ፣ ደግሞ ይነፋሉ። ብርቱካን የምታክል ፊኛ ወጣች።

«ትንሽ ይጨመርባት፣ እማማ» አልኳቸው።

«ለቋጠሮው ይቅር፣ ልጄ። ያ ገበሬም ይህን ቢያውቅ ኖሮ የስልቻው አፍ አልቋጠር ብሎት ነፋሱ ባላመለጠው።» ተረቱ እንዲህ አለቀ።

በማግሥቱ የጊጊሪዋ ሴትዮ ወደደችው፤ እማዬ ከሳፋው የተላቀቀችው ከዚያ ወዲህ ነው። የእማማ ዘይነባ ብርቱካን ግን ለሥራው ስላነሰች እኛ በር ላይ ተንጠልጥላ ቀረች፤ ትልልቆቹ ሁሉ ተንፍሰው ካለቁ በኋላም ነበረች።

አሁን የማስጌጡ ሥራ የእኔ ነው፤ መንፊያውም በኤሌክትሪክ ነው። ድካሙ ግን አልቀረም። ከዌስትላንድስ ሥራ ውዬ በማታቱ፣ በሕዝብ ሚኒባስ፣ ስመለስ ስልኬ ይጮኻል፤ ሁሉም ትንሽ ጨምሪበት ይላል። እኔም እምቢ ማለት ተምሬያለሁ፤ ሦስተኛ ፎቅ የምወጣበት ትንፋሽ ይቀረኝ ዘንድ። እማዬ በሩን ከፍታ «ደከመሽ?» ትለኛለች። መልሴ ዛሬም የያኔው ነው፦ ፉፍ።