በዋስ የወጣው ሰውዬ

ሰውየው በዚህ ሁሉ ሙቀት ሸሚዙን እስከ አንገቱ ቆልፎ ነው የሚቀመጠው። ቀኝ እጁን በግራው ይዞ፣ የታመመ ልጅ እንደሚያባብል ሰው ቀስ እያለ ያሻሸዋል። ሚስትህን ገድለሃል ተብሎ ታስሮ ነበር። ሐኪሙ ግን አንገቷ ላይ ያለው ምልክት ከደረጃ ስትወድቅ የመጣ ይሁን በሰው እጅ መለየት አቃተኝ አለ። ዳኛውም ፍርዱ እስኪደርስ በዋስ ለቀቀው። እግሩ ላይ አዚቅ የሚሉት የኤሌክትሮኒክ ማሰሪያ ተደርጎለት፣ ዶራ በሚባለው ሰፈር፣ እኅቱ ቤት፣ ጠባቂ ሳይለየው ይቀመጥ ተባለ።

ዛሬ እኅቱ ሥራ ስለገባች የሱ ጠባቂ ጎረቤቷ ደመቀች ናት። ጎረቤት ለምኗት እምቢ ማለት ነውር ሆኖባት እንጂ ልቧስ አልፈቀደም። እኅቲቱ የበሩን ቁልፍ አስጨብጣት፣ "አደራሽን፣ ለሱ እንዳትሰጭው" ብላት ሄደች።

ሰውየው ብርቱካን ልጦ፣ ነጩን ክር አንድም ሳያስቀር ለቃቅሞ፣ በሁለት እጁ አቀረበላት።

"እትዬ ደመቀች፣ ፈሩኝ እንዴ?"

"ኧረ ምን ያስፈራኛል፣ ወንድሜ" አለች። ብርቱካኑንም ተቀብላ አንድ ክፋይ ጎረሰች።

"እንግዲያው ቁልፉን ይስጡኝ፣ በሩን እኔ ልቆልፈው። እርስዎ አይነሱ።"

አልሰጥም ብትል፣ ነፍሰ ገዳይ ብላ ፊት ለፊት የሰደበችው መስሎ ተሰማት። ይሉኝታ ያዛትና ሰጠችው። ሰውየው በሩን ቆልፎ፣ ቁልፉን ደረት ኪሱ ከትቶ፣ መጥቶ አጠገቧ ተቀመጠ።

"ባለቤቴም እንደርስዎ ነበረች" አላት በለሰለሰ ድምፅ። "ሰው እንዳይከፋው ብላ፣ እምቢ ማለት አታውቅም።"